አንድ መድኃኒት፣ ሦስት ወረቀት

ወረቀቱን ይዞ የሚሮጠው አስታማሚው ነው። ሐኪሙ ራውንዱን ወደሚቀጥለው አልጋ ሲያሻግር፣ ትኩሳት ያቃጠለውን ልጁን አቅፎ ሌሊቱን ከጅጋ ዙሪያ ገጠር የመጣ አባት ማዘዣውን ተቀብሎ ይወጣል። በፋርማሲው መስኮት ዋጋ ያስተምናል፤ ገንዘብ ተቀባይዋ ዘንድ ይሰለፋል፤ ደረሰኙን ይዞ ተመልሶ መድኃኒቱን ይረከባል። ከታዘዙት አንዱ «የለም» ከተባለ ከግቢው ወጥቶ የግል መድኃኒት ቤቶችን አንድ በአንድ ያዳርሳል። ላቡን እየጠረገ ሲመለስ ጠዋት ያያት ነርስ ፈረቃዋን አስረክባ ሄዳለች።

«ሲስተር፣ መርፌውን አምጥቻለሁ።»

«የማን አባት ነዎት?»

ፍኖተ ሰላምም ይሁን ቡሬ፣ ደምበጫም ይሁን ባሕር ዳር፣ የሕፃናት ክፍል ውስጥ የሠራ ሰው ይህን ንግግር ያውቀዋል። ከክረምት ማግሥት በጃቢ ጠህናን ቆላማ ቀበሌዎች ወባ ሲነሣ፣ አልጋው ሞልቶ ፍራሽ መሬት ላይ ሲነጠፍ፣ ጥያቄው ይደጋገማል። መልሱ ደግሞ እንደሚመስለው ቀላል አይደለም። እናት ልጇን በቤት ስሙ ትጠራዋለች፤ ካርዱ ላይ ያለው አባቱ ያስመዘገበው ስም ነው፤ አያት የክርስትና ስሙን ብቻ ይዘው ይመጣሉ። እንደ ፈረንጅ የቤተሰብ ስም ስለሌለን በራሳቸውም በአባታቸውም ስም የሚመሳሰሉ ሁለት ልጆች በአንድ ክፍል ቢተኙ አያስገርምም። ካርድ ክፍሉ ስሙን በእንግሊዝኛ ፊደል ሲጽፍ አንዱን ስም በሁለት ዓይነት አጻጻፍ፣ ሁለቱን ስም በአንድ ዓይነት አጻጻፍ ሊያስቀምጥ ይችላል። የማይሳሳተው መለያ የካርድ ቁጥሩ ነው። ነርሷ በያዘችው የመድኃኒት ገጽ አናት ላይ ያ ቁጥር ካልተሞላ ግን አባትየውን ከመጠየቅ በቀር ምርጫ የላትም።

እስቲ የዚያን ልጅ መድኃኒት እንከተለው። ሐኪሙ በመጀመሪያ ካርዱ ውስጥ ባለው የትእዛዝ ገጽ ላይ ይጽፈዋል፤ ሠራተኛው «ኦርደር ሺት» ይለዋል። ቀጥሎ ያው ትእዛዝ ወደ ፋርማሲ በሚሄደው ማዘዣ ላይ ይገለበጣል። ሦስተኛ፣ ነርሷ ከትእዛዝ ገጹ አንብባ ወደ መድኃኒት መስጫው ገጽ፣ ወደ «ሜዲኬሽን ሺቱ»፣ ትገለብጠዋለች። አንድ መድኃኒት ሦስት ጊዜ ተጻፈ ማለት ነው፤ ቢያንስ በሁለት እጅ፣ ብዙ ጊዜ በችኮላ። ሦስቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን አስቀምጦ የሚያመሳክር ሰው ግን በአብዛኛው የለም። ሐኪሙ መጠኑን ከሰዓት በኋላ ቢቀንሰው የትእዛዝ ገጹ ይስተካከላል፤ ሜዲኬሽን ሺቱ ላይ ግን ለውጡን የሰማች ነርስ እስክትመጣ ድረስ አሮጌው መጠን እንደተጻፈ ይቆያል።

ስለ ሐኪም እጅ ጽሑፍ የሚነገረው ቀልድ ሁሉ ይህን እንዳናይ አድርጎናል። እጅ ጽሑፉ እንደ ብራና ጸሐፊ ቢያምርም ግልበጣው ያው ግልበጣ ነው። የዚህ ዘገባ ነገርም ስለ እጅ ጽሑፍ አይደለም። ወረቀቱ ራሱ እንዴት እንደተሠራ፣ ከተሠራስ በኋላ ማን እየተመላለሰ እንደሚቆጥረው ነው።

8:00 ስንት ሰዓት ነው?

ከባድ ወባ ይዞት የተኛ ሕፃን በመርፌ የሚሰጠው አርቴሱኔት ነው። ክብደቱ ከ20 ኪሎ በታች ከሆነ በእያንዳንዱ ኪሎ 3 ሚሊ ግራም፣ ከዚያ በላይ ከሆነ 2.4 ሚሊ ግራም ይታሰባል። ለ14 ኪሎ ልጅ 42 ሚሊ ግራም መሆኑ ነው። የመጀመሪያው መርፌ ልጁ እንደገባ፣ ሁለተኛው ከ12 ሰዓት በኋላ፣ ሦስተኛው ከ24 ሰዓት በኋላ ይሰጣል፤ ከዚያ ወዲያ በቀን አንዴ ነው፤ ልጁ መዋጥ ሲችል ወደ ክኒኑ ይሻገራል። ስሌቱን የጤና መኮንኑም ነርሷም በቃላቸው ያውቁታል። ወረቀቱ ላይ ግን ሁለት ነገር ያስፈልገዋል፤ ክብደትና ሰዓት። ክብደቱ ካልተጻፈ 42 ትክክል ይሁን አይሁን ፋርማሲስቱም ሆነ የማታ ተረኛዋ ሊፈትሹት አይችሉም። የክብደት ቦታ በሌለበት ቅጽ ላይ ደግሞ ክብደት አልጻፍክም ብሎ ሰውን መውቀስ ፍርደ ገምድልነት ነው።

የሰዓቱ ጉዳይ የእኛ ብቻ የሆነ ጣጣ አለው። ገጹ ላይ «8:00» ተብሎ ቢጻፍ ስንት ሰዓት ነው? ከቀኑ 8 ሰዓት ሊሆን ይችላል፤ ከሌሊቱ 8 ሊሆን ይችላል፤ ሐኪሙ በፈረንጅ አቆጣጠር ጽፎት ከሆነ ከጠዋቱ ወይም ከምሽቱ 2 ሰዓት ነው። በአንድ ቁጥር አራት ሰዓት ተደብቋል፤ አንዱ ከቀጣዩ የሚርቀው በስድስት ሰዓት ነው። ሁለተኛው መርፌ ከ12 ሰዓት በኋላ መሰጠት ላለበት ልጅ የስድስት ሰዓት መንሸራተት ትንሽ ነገር አይደለም። ሐኪሙ የተማረው በእንግሊዝኛ መጽሐፍ ስለሆነ እጁ ወደ ፈረንጁ ሰዓት ያደላል፤ ነርሷ ግድግዳው ላይ ያለውን ሰዓት አይታ በአገርኛው ትጽፋለች። ሁለቱም ትክክል ናቸው። ጥፋተኛው «ጠዋት፣ ቀን፣ ማታ፣ ሌሊት» የሚል ማመልከቻ ያላስቀመጠው ቅጽ ነው።

ቀኑም እንደዚሁ ነው። «5/1/17» የሚል ጽሑፍ መስከረም 5 ቀን 2017 ነው ወይስ የፈረንጆቹ ጃንዋሪ? የመድኃኒቱ ካርቶን የሚያበቃበትን ጊዜ በፈረንጅ ይናገራል፤ ካርድ ክፍሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ይመዘግባል፤ የላቦራቶሪው ማሽን የራሱን ያትማል። የአገሪቱ መደበኛ የማዘዣ ወረቀት ከተጻፈበት ቀን ጀምሮ ለ15 ቀናት ብቻ እንደሚያገለግል በጀርባው ላይ የተጻፈበት ነው፤ ቀኑ በየትኛው ዘመን እንደተቆጠረ ካልታወቀ ግን 15ቱ ቀናት ከየት ተነሥተው ይቆጠራሉ? ከዚህ ሁሉ ላይ ዓለም አቀፉ ችግር ይጨመራል። ኢንሱሊን ሲታዘዝ ዩኒት ለማለት ከቁጥሩ ጎን የሚጣለው የእንግሊዝኛ ፊደል ዜሮ መስሎ ይነበብና 4 ዩኒት 40 ይሆናል፤ «5.0» ተብሎ የተጻፈው ነጥቧ ስትደበዝዝ 50 ይሆናል።

እነዚህ ግምቶች ብቻ አይደሉም። በባሕር ዳሩ ፈለገ ሕይወት ሪፈራል ሆስፒታል የተደረገና እ.ኤ.አ. በ2015 የታተመ ጥናት ነርሶች መድኃኒት ሲሰጡ 360 ጊዜ ተመልክቶ ነበር። በ87.5 በመቶው ላይ የምዝገባ ጉድለት አገኘ። በ53.6 በመቶው ሰዓቱ አልተጠበቀም። ከእነዚህ ሁለት ቁጥሮች መካከል አንባቢ የሚደነግጠው በሁለተኛው ይመስለኛል፤ ሰዓት ያለፈበት መርፌ ሰው ይጎዳል፣ ያልተሞላ ሣጥን ምን ያደርጋል? ነገር ግን የመጀመሪያው ባለበት ሁለተኛውን ማረም አይቻልም። ያለፈው መርፌ መቼ እንደተሰጠ ያልተጻፈለት ልጅ ቀጣዩን በሰዓቱ የሚያገኘው በዕድል ነው።

በጅማ ዩኒቨርሲቲ ሆስፒታል የጽኑ ሕሙማን ክፍል የተደረገው ጥናት፣ እ.ኤ.አ. በ2012 የታተመው፣ ነገሩን ሌላ ቦታ ይወስደዋል። ከ1,200 የመድኃኒት አሰጣጦች 51.8 በመቶው ላይ ስሕተት ተገኘ፤ ከስሕተቶቹም 30.3 በመቶው የሰዓት ሲሆን፣ 29 በመቶው ደግሞ መድኃኒቱ ባለመገኘቱ ሳይሰጥ የቀረ ነው። ልብ በሉ፣ ይህ የነርስ ስሕተት አይደለም፤ የአቅርቦት ነው። ብዙው ቅጽ ላይ ግን ሁለቱም አንድ መልክ አላቸው፤ ባዶ ሣጥን። ነርሷ ረስታው ይሁን፣ ሰጥታ ሳትፈርም ቀርታ ይሁን፣ ልጁ አስታውኮት ይሁን፣ ፋርማሲው «የለም» ብሎ አባትየው ገንዘብ አጥሮት ይሁን፣ ባዶው ሣጥን ለይቶ አይናገርም። የማኅበረሰብ አቀፍ ጤና መድን ደብተር የያዘ ገበሬ መዋጮውን ከፍሎ መድኃኒት ከውጭ ግዛ ሲባል ቅሬታውን የሚያቀርበው በአፉ ነው፤ ማስረጃው መኖር የነበረበት እዚያ ሣጥን ውስጥ ነበር።

ታዲያ ጥሩ ቅጽ ምን ይመስላል? ከሁሉ በፊት ግልበጣውን ያስቀራል። ሐኪሙ የሚያዝዝበትና ነርሷ ሰጠሁ ብላ የምትፈርምበት ገጽ አንድ ይሆናል፤ በግራ ትእዛዙ፣ በቀኝ የየቀኑ የፊርማ ሣጥኖች። ሐኪሙ መጠን ሲቀይር አሮጌውን መስመር ሰርዞ አዲስ ይጽፋል፤ ሁለት የተለያየ እውነት በሁለት ወረቀት አይቀመጥም። የአለርጂው ቦታ «ተጠይቆ የለውም» የሚል የራሱ ምልክት ይኖረዋል፤ እንዲህ ካልሆነ ባዶ ቦታ «የለውም» ማለት ይሁን «ማንም አልጠየቀም» ማለት ይሁን አይታወቅም። ላልተሰጠ መድኃኒት አጭር ቁጥር ይመደባል፤ 1 ታካሚው እምቢ አለ፣ 2 መድኃኒቱ አልተገኘም፣ 3 ሐኪሙ አስቆመ፣ ወዘተ። በቀን ሦስት ጊዜ ለሚሰጠው ጠዋት 12፣ ቀን 8፣ ማታ 4 የሚሉት ሰዓቶች ቀድመው በአማርኛ ይታተማሉ።

ከነዚህ ሁሉ የምወደው አንድ ትንሽ ሣጥን አለ፤ «እስከ መቼ?» የሚለው። ሴፍትሪያክሶን በአገራችን ሆስፒታሎች እንደ ውሃ የሚታዘዝ ፀረ ተሕዋስያን መድኃኒት ነው። በጥቁር አንበሳ ሆስፒታል የውስጥ ደዌና የድንገተኛ ክፍሎች የተደረገና እ.ኤ.አ. በ2016 የታተመ ግምገማ የሴፍትሪያክሶን አጠቃቀም በ87.9 በመቶው አግባብ እንዳልነበረ ደምድሟል፤ ትልቁ ድርሻ በቀን ስንት ጊዜ ይሰጥ ከሚለው ጋር የተያያዘ ነበር። የጀመረ ፀረ ተሕዋስያን ማንም «ይብቃ» እስኪል ድረስ ይቀጥላል፤ ቅዳሜና እሑድ ደግሞ «ይብቃ» የሚለው ሰው ራውንድ አይወጣም። በሦስተኛው ቀን ላይ የታተመ ወፍራም መስመርና «እንደገና ይታይ» የሚል ጽሑፍ ምንም ወጪ የለውም።

ይህን መንገድ ሌሎች ሄደውበታል። አውስትራሊያ ግዛቶቿ የየራሳቸውን ቅጽ ትተው እ.ኤ.አ. ከ2006 ጀምሮ ለሁሉም የመንግሥት ሆስፒታሎች አንድ ወጥ የተኝቶ ታካሚ የመድኃኒት ቅጽ አስገብታለች፤ ከዚያም በአገር አቀፍ ኦዲት እየፈተሸች ደጋግማ አሻሽላዋለች። በእንግሊዝ እ.ኤ.አ. በ2009 የወጣ ትልቅ ጥናት በ19 ሆስፒታሎች 124,260 ትእዛዞችን መርምሮ በ8.9 በመቶው ላይ ስሕተት አገኘ። ሁሉም ጣቱን ወደ ጀማሪ ሐኪሞች ሊቀስር ሲዘጋጅ ነባር ስፔሻሊስቶቹም 5.9 በመቶ ይሳሳቱ እንደነበር ታየ። ከምክረ ሐሳቦቹ አንዱ አንድ ወጥ ቅጽ የሚል ነበር። ሐኪሞቹ ሰነፎች ሆነው አይደለም፤ ከሆስፒታል ሆስፒታል ሲዘዋወሩ በየቦታው አዲስ ወረቀት ይጠብቃቸው ነበር። ከቡሬ ወደ ፍኖተ ሰላም፣ ከፍኖተ ሰላም ወደ ባሕር ዳር በሪፈር የሚሄድ ታካሚም፣ ተከትሎት የሚሄደው ወረቀትም፣ ይህንኑ ይገጥማቸዋል።

ደብረ ማርቆስ የጀመረችው

«ይህ የሀብታም አገር ነገር ነው» የሚል ካለ ከጅጋ በዋናው መንገድ ወደ ደቡብ ምሥራቅ፣ ደምበጫን አልፎ፣ ደብረ ማርቆስ ድረስ ይሂድ። ከአሥር ዓመት በላይ በፊት የደብረ ማርቆስ ሆስፒታል አንድ ነገር ጀምሯል፤ ባለሙያዎቹ በእንግሊዝኛ ምሕጻሩ ኤፒቲኤስ ይሉታል። ሐሳቡ ኦዲት ሊደረግ የሚችል የመድኃኒት ግብይትና አገልግሎት የሚል ነው።

ከዚያ በፊት የመንግሥት ሆስፒታል መድኃኒት እንደ ወንበርና ጠረጴዛ በሞዴል 19 ገቢ፣ በሞዴል 22 ወጪ ይደረግ ነበር። ከስቶር ወጥቶ ፋርማሲ ከገባ በኋላ ግን ዱካው ይጠፋል። ደረሰኙ የተከፈለውን ብር ይናገራል እንጂ የትኛው መድኃኒት፣ በምን ያህል መጠን እንደተሸጠ በሚመረመር መልኩ አያሳይም። መድኃኒት ጎድሎ ቢገኝ ተበላሽቶ ይሁን፣ ተሰርቆ ይሁን፣ ተሳስቶ ተሰጥቶ ይሁን የሚለይ ወረቀት የለም። ደጉ ፋርማሲስት ከሌባው አይለይም፤ ሁለቱም ማስረጃ የላቸውም።

የተወሰደው እርምጃ ፖሊስ ማቆም አልነበረም። ቅጾቹ እንደገና ተነደፉ። የሽያጭ ወረቀቱ የመድኃኒቱን ስም፣ መጠንና ዋጋ እንዲይዝ ተደረገ። ማዘዣውን የሚገመግም፣ ዋጋ የሚተምን፣ ገንዘብ የሚቀበልና መድኃኒቱን አስረድቶ የሚያስረክብ ሰው ሥራቸው ተለየ፤ መስኮቶቹም በዚያው ተራ ተደረደሩ። ለፋርማሲ የራሱ የሒሳብ ሠራተኛ ተመደበ። ቆጠራው የዓመት መዝጊያ ጉዳይ መሆኑ ቀርቶ የየወሩ ሆነ። የአማራ ክልል አሠራሩን በደንብ አጸና፤ ከዚያ ወደ ሌሎች ክልሎችና ወደ ፌዴራል ሆስፒታሎች ተዛመተ። በአሜሪካ የተራድኦ ድርጅት ገንዘብ ይንቀሳቀሱ የነበሩ የመድኃኒት አስተዳደር ፕሮጀክቶች ረድተውታል፤ መጀመሪያ የተሞከረው ግን ጎጃም ውስጥ፣ በተለመደ የክልል ሆስፒታል ነው።

ስለዚህ የዚህ አካባቢ ሆስፒታሎች ቅጽ መልሶ መንደፍና እየተመላለሱ መቁጠር ምን እንደሚያመጣ ከማንም በተሻለ ያውቃሉ። ያወቁት ግን በፋርማሲው መስኮት ነው። መድኃኒቱ ከመስኮቱ አልፎ ወደ አልጋው ሲሄድ፣ ብሩ ከተሰበሰበ በኋላ፣ ቆጠራው ይቆማል። ለብልቃጡ ዋጋ ይህን ያህል የተጨነቀ ሥርዓት ብልቃጡ ልጁ ክንድ ውስጥ መግባት አለመግባቱን ሳይጠይቅ መቅረቱ ትክክል አይመስለኝም።

ቆጣሪው ሲሄድ

አዲስ ቅጽ ማተም ቀላሉ ሥራ ነው። ሥልጠና ይሰጣል፣ ፎቶ ይነሣል፣ የመጀመሪያው ወር ላይ ሣጥኖቹ ይሞላሉ። በአራተኛው ወር ጠቅላላ ሐኪሙ ለስፔሻሊቲ ትምህርት ይሄዳል፤ ኢንተርኖቹ ወደ ሌላ ክፍል ይዛወራሉ፤ ሥልጠናውን የወሰደችው ነርስ ወደ ማዋለጃ ትቀየራለች። ቅጹ ይቀራል፣ ልማዱ ይሄዳል። ኦዲቱ አንዴ ተደርጎ የማይበቃው ለዚህ ነው፤ ሰዎቹ ስለሚለግሙ ሳይሆን ሰዎቹ ስለሚቀያየሩ።

እንዴት ይደረጋል? አንድ ፋርማሲስትና አንድ ነርስ በሳምንት አንድ ቀን፣ ካርዶቹ ከተደረደሩበት፣ ሳይመርጡ ሃያ ያወጣሉ። ጥያቄዎቹ ጥቂትና ለክርክር የማይመቹ መሆን አለባቸው፤ የካርድ ቁጥር አለ? የሕፃኑ ክብደት ተጽፏል? አለርጂ ተጠይቋል? የመድኃኒቱ ስም ሳያጥር ተጽፏል? የሚቆምበት ወይም የሚታይበት ቀን አለ? ያዘዘው ሰው ስምና ፊርማ ይለያል? ሃያ ካርድ ላይ ስድስት ጥያቄ ከአንድ ሰዓት በላይ አይፈጅም። ውጤቱ ለወር መጨረሻ ሪፖርት አይቆይም፤ በዚያው ሳምንት፣ በዚያው ክፍል ግድግዳ ላይ፣ ያለ ሰው ስም ይለጠፋል። «የሚታይበት ቀን ከሃያው በስድስቱ ብቻ» ተብሎ ቢለጠፍ ሰው ሁሉ ለምን ስድስት ብቻ ሆነ ይላል። መልሱ ብዙ ጊዜ ቅጹን ያስቀይራል፤ ሣጥኑ ጠቦ ይሆናል፣ ወይም ከገጹ ሥር ተደብቆ። ቅጹ ይታረማል፤ እንደገና ይቆጠራል።

ያለ ስም ያልኩት በምክንያት ነው። በአገራችን መሥሪያ ቤቶች ኦዲተር መጣ ሲባል ሰው የሚያስበው ስለ ጉድለትና ስለ ክስ ነው። ነርሷ ቅጹ የሚቆጠረው ለደመወዟ ቅጣት ነው ብላ ካሰበች በሚቀጥለው ሳምንት ሃያውም ካርድ በሚያምር ሁኔታ ተሞልቶ ይገኛል፤ የማታው ሁሉ በፈረቃ ማብቂያ ላይ በአንድ እስክሪብቶ፣ በአንድ ጊዜ የተፈረመ። ወረቀት ሲቆጠር ወረቀት ይሻሻላል፤ ሕክምናው መሻሻሉን የሚያሳይ ሌላ ነገር ያስፈልጋል። እዚህ ላይ ነው የደብረ ማርቆሱ ሥራ የሚጠቅመው። ፋርማሲው ለዚያ ካርድ ቁጥር ስንት ብልቃጥ አርቴሱኔት እንደወጣ አሁን ያውቃል። አምስት ፊርማ ካለ፣ የወጣው ብልቃጥ ግን ሦስት ከሆነ፣ ከሁለቱ አንዱ እውነት አይናገርም። ሁለቱን መዝገቦች ማገናኘት ኮምፒዩተር አይጠይቅም፤ የካርድ ቁጥሩ በሁለቱም ላይ መኖሩ ብቻ ይበቃል።

ቆጣሪው ሲሄድ ምን እንደሚሆን ደግሞ ከጥቁር አንበሳ የመጣ ማስረጃ አለ። ክሊኒካል ፋርማሲስቶች በየክፍሉ እየተገኙ የፀረ ተሕዋስያን ትእዛዞችን መረመሩ፤ ያዩትን እዚያው ለሐኪሞቹ ነገሩ። ከዚያ ሥራው ቆመ፤ አጥኚዎቹ ግን መመዝገባቸውን ቀጠሉ። እ.ኤ.አ. በ2020 በታተመው ውጤት መሠረት ምክሩ ከቆመ በኋላ የፀረ ተሕዋስያን ፍጆታ በ51.6 በመቶ ጨመረ፤ ታካሚዎች ሆስፒታል የሚቆዩበት ጊዜ በአማካይ በአራት ቀን ገደማ ረዘመ፤ በሆስፒታሉ የሞቱት ከ6.9 በመቶ ወደ 14.7 በመቶ ከፍ አሉ። የሞቱ ቁጥር ሁሉ ከምክሩ መቆም የመጣ ነው ማለት አይቻልም፤ በሁለቱ ጊዜያት የተኙት ሰዎች አንድ አይደሉም። የፍጆታው መጨመር ግን ለማንም ግልጽ ነው። የጎደለው መጥቶ የሚጠይቀው ሰው ነው።

ፋርማሲስቱ ለዚህ ሥራ የተማረ ነው። የአገሪቱ የፋርማሲ ትምህርት ወደ ታካሚው አልጋ ካዘነበለ ከአሥራ አምስት ዓመት በላይ ሆኖታል፤ አምስት ዓመት ተምሮ የሚወጣው ወጣት የኩላሊት ሥራ የደከመበትን ሰው መጠን ማስተካከል ያውቃል። ሥራ ሲይዝ ግን ብዙውን ቀኑን የሚያሳልፈው በመስኮቱ ኋላ ነው። ከመስኮቱ በሳምንት አንድ ጠዋት ቢለቀቅ ሰልፉ ይረዝማል፤ ሥራ አስኪያጁም የሚሰማው የሰልፉን ጩኸት እንጂ የባዶውን ሣጥን አይደለም። ለዚህ ነው ኦዲቱ የአንድ ትጉህ ሰው በጎ ፈቃድ ከሆነ የማይዘልቀው፤ እንደ ወርኃዊው የመድኃኒት ቆጠራ በመድኃኒትና ሕክምና ኮሚቴው ዕቅድ ላይ፣ ሰዓትና ተጠሪ ተጽፎለት፣ መቀመጥ አለበት።

«ኮምፒዩተር ሲገባ ይህ ሁሉ ያበቃል» የሚሉ አሉ። ወረቀት አልባ ለመሆን የተነሡ ሆስፒታሎች መኖራቸውም እውነት ነው፤ ኮምፒዩተር ክብደት ሳይሞላ አላልፍም ሊል ይችላል። ነገር ግን መብራት ሲሄድ ሁሉም ወደ ወረቀቱ ይመለሳል፤ በአማራ ክልል ደግሞ ኢንተርኔት ለረጅም ጊዜ ተዘግቶ እንደነበር ነዋሪው አይረሳውም። ከዚህ የባሰ ቀንም አለ፤ ነሐሴ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. በፍኖተ ሰላም ላይ በደረሰው የአየር ጥቃት ቢያንስ 26 ሰዎች መሞታቸውን አንድ የከተማዋ ሆስፒታል ኃላፊ ለመገናኛ ብዙኃን ተናግረው ነበር። እንደዚያ ባለ ቀን ትእዛዝ የሚሰጠው በአፍ ነው፤ ቅጽ መሙላት ትዝ የሚለው ሰው አይኖርም፣ ሊኖርም አይገባም። ግን ጥሩ ቅጽ ለዚያም ቦታ አለው፤ የቃል ትእዛዝ የሚል መስመር፣ ነርሷ የሰማችውን መልሳ ጮክ ብላ ማለቷን የምታመለክትበት ሣጥን፣ ሐኪሙ በማግሥቱ የሚፈርምበት ቦታ። የሕመም ማስታገሻውን ማን ስንት ሰዓት ላይ እንደሰጠ የማያውቅ ሐኪም በማግሥቱ ጠዋት ሁለተኛውን ለመስጠት ያመነታል፤ የቆሰለው ሰው ሕመሙን ችሎ ይጠብቃል።

የቀረው የማተሚያ ቤት ጉዳይ ነው፤ ይህን ትንሽ የሚያደርገው ሆስፒታል ውስጥ ያልሠራ ሰው ነው። ከኮፒ ላይ ኮፒ እየተነሣ መስመሮቹ የጠፉበት ገጽ በብዙ ክፍል ይታያል። አዲሱ ቅጽ ባለ ሁለት ገጽ፣ ወፈር ባለ ወረቀት የሚታተም፣ ለአንድ ታካሚ ለሳምንት የሚበቃ ቢሆን ሁለቱን ቅጽ ተክቶ የወረቀት ወጪን ሊቀንስ ሁሉ ይችላል። ኦዲቱ ደግሞ ቅጹን ደጋግሞ ስለሚያሳርም በመጀመሪያው እትም ላይ የዓመቱን ፍጆታ ማሳተም ሞኝነት ነው፤ ለሁለት ወር የሚበቃ አሳትሞ መቁጠር፣ አርሞ ማሳተም ይሻላል። ይህን ለግዥ ክፍል ማስረዳት ግን የራሱ ትግል አለው፤ በብዛት ሲታተም ይረክሳላ! ከዚያም አሮጌው ቁልል አለ። ስቶር ኃላፊው በሞዴል 19 የተረከበው የመንግሥት ንብረት ስለሆነ አዲሱን ከማውጣቱ በፊት አሮጌው እስኪያልቅ መጠበቅ ይመርጣል፤ ሁለቱ ቅጾች ጎን ለጎን ከዋሉ ደግሞ አንዱ ነርስ በአንዱ፣ ሌላው በሌላው ላይ ይጽፋል፤ ግልበጣው በሌላ በር ተመልሶ ይገባል። ስለዚህ አዲሱ ቅጽ ከማተሚያ ቤት ከመምጣቱ በፊት የንብረት አስወጋጅ ኮሚቴው ተሰብስቦ፣ ጥቅም ላይ ያልዋለው የኦርደር ሺትና የሜዲኬሽን ሺት ጥቅል ስንት እንደሆነ ቆጥሮ፣ ቃለ ጉባኤ መያዝ ይኖርበታል።